የሁለት ሀገር ዋሶች በእኛ ሽንኩርት ማሳ

«የራሷ አሮባት የሰው ታማስላለች» ይላል የሀገሬ ሰው። ተረቱ ሁልጊዜ በሴት መነገሩ ያናድደኛል። እኔ እስከማውቀው የራሱ እያረረበት የሰው ሲያማስል የኖረ ቢኖር አያ ኢብሮ ናቸው፤ እሳቸው ደግሞ ጢማቸው ደረታቸው ላይ የተኛ ወንድ ናቸው።

ጎረቤታችን ናቸው። ቤታችን ከቆቦ ወጥቶ ወደ ሮቢት ሲኬድ ከአስፋልቱ ገባ ብሎ ነው፤ የእሳቸው ግቢ ከእኛ ማሳ ጋር ይዋሰናል። ሥራቸው እርሻ ነው እንዳልል እርሻውን የሚያርሱላቸው ሌሎች ናቸው። ሥራቸው ሽምግልና ነው። በወጣትነታቸው የተሰረቀ ግመል ሊያስመልሱ አፋር ወርደው፣ ግመሉን ሳያገኙ፣ እዚያ ያገኟቸውን ሁለት የተጣሉ ወንድማማቾች አስታርቀው ባዶ እጃቸውን ተመለሱ ይባላል። ከዚያ ወዲህ እጃቸው አላረፈም። ባልና ሚስት፣ ወሰን የተጋፉ ገበሬዎች፣ በወረፋ የተደባደቡ ባጃጅ ነጂዎች፣ አንዴ ደግሞ ቄሱን ከዲያቆኑ። አንድ የጎብዬ ሰው በሬው ወግቶት አኩርፎ ገለባ ሲከለክለው ሄደው እሱንም ከበሬው ጋር አስታረቁት። አልቀለድኩም። በሬው እጁን ሲልሰው ሰውዬው ሲያለቅስ በዓይኔ አይቻለሁ።

ስማቸው የገነነው ግን በበሬ አይደለም። ከዓመታት በፊት በግጦሽ ጠብ ልጃቸው መህዲ ተገደለ። የገዳዩ ዘመዶች ድንጋይ በአንገታቸው ተሸክመው ምሕረት ሊለምኑ መጡ። አያ ኢብሮ የመቃብሩ አፈር ሳይደርቅ «ለአላህ ብዬ ምሬያለሁ፣ ቤቴም ምሯል» ብለው ድንጋዩን በእጃቸው አወረዱላቸው። የራያ ምድር ጉድ አለ። ልጁን የቀበረ ሰው እንዲህ ካለ እኛ ምን ቀረን እያለ ስንቱ ባለደም ታረቀ። እትዬ ሰይዳ፣ ሚስታቸው፣ ከዚያ ቀን ወዲህ ምግባቸውን ሠርተው ያቀርቡላቸዋል፣ እጃቸውን ያስታጥቧቸዋል፣ ከአንድ ገበታ ግን አብረዋቸው አይበሉም። የልጁም ስም በዚያ ቤት አይጠራም። ሰፈሩ ሁሉ ያውቃል፣ ማንም አያወራውም። እኔም የማወራው ነገሩ ዞሮ ዞሮ እዚያው ስለሚያደርሰኝ ነው።

አሁን ወደ ሽንኩርቱ ልመለስ። ባሌ አያሌውና ጎረቤታችን በድረዲን አንድ የውሃ ሞተር አላቸው፤ በጋራ የገዙት ነው። ጉድጓዱ በሁለታችን ወሰን ላይ ነው። እኛ ክርስቲያን ነን፣ እነ በድረዲን እስላም ናቸው፣ ሞተሩ ግን ዓርብም እሁድም ይሠራል። ዘንድሮ ሁዳዴና ረመዳን አንድ ላይ ገቡና ሀገሩ በሙሉ ጾመኛ ሆነ። ከእኛ መካከል መጾም የማይችለው ሽንኩርቱ ብቻ ነበር።

በዚሁ መሃል ነዳጅ ጠፋ። አያሌው ጀሪካን ይዞ ቆቦ ቢመላለስ ባዶውን ይመለሳል። አንድ ቀን አያ ኢብሮም አብረውት ሄደው አንድ ሻይ ቤት ቴሌቪዥን ፊት ተቀመጡ፤ ሻይ ሊጠጡ አይደለም፣ ጾመኛ ናቸው፣ ጥላ ፈልገው ነው። ዜናው ሁለት ሩቅ ሀገሮች መዋጋታቸውን፣ ነዳጅ የጫኑ መርከቦች በእነሱ ጠብ ባሕር ላይ መቆማቸውን አወራ። የሀገሮቹን ስም አልጠራም፤ ዛሬም እየተዋጉ ነው፣ እኔ ደግሞ ከዚህ በላይ ከእነሱ ጋር ነገር አልፈልግም። አያ ኢብሮ ዜናውን ሰምተው አንድ ነገር ብቻ ጠየቁ አሉ፦ ሽማግሌያቸው ማነው?

ሻይ ቤቱ ውስጥ የሥነ ዜጋ አስተማሪው ኤፍሬም ነበር። ኤፍሬም የተማረ፣ ጥሩ ልጅ ነው፤ ሲያስረዳ ግን ጥቁር ሰሌዳ ያለ ይመስል በእጁ አየር ላይ ይጽፋል። ሀገርና ሀገር በሽማግሌ እንደማይታረቅ፣ በመካከላቸው ዘላቂ ጥቅም እንጂ ዘላቂ ወዳጅ እንደሌለ አስረዳቸው። ታዲያ ሀገር ነውር ሲሠራ ማንን ያፍራል አሉት። ማዕቀብ የሚባል ነገር አለ አላቸው። ማዕቀብን ሳይሆን ማንን ያፍራል፣ ፈጣሪን አይጠሩም ወይ አሉት። ኤፍሬም እውነቱን ነገራቸው፤ ይጠራሉ፣ ሁለቱም ይጠራሉ፣ አንዱ መሪ መጽሐፍ ይዞ ይምላል፣ ሌላው ተኩስ ከማስጀመሩ በፊት በአደባባይ ይጸልያል፣ ሁለቱም ፈጣሪ ከእኛ ጋር ነው ይላሉ።

አያ ኢብሮ ደስታቸውን አልቻሉትም። እንግዲያማ ቀላል ነው አሉ። እኔን ያስቸገረኝ ፈጣሪን የማይጠራ ነው እንጂ፣ የሚጠራ ሰው ማፈሩ አይቀርም፤ ከማፈር ደግሞ መታረቅ ይመጣል። የጎደለው የሚጠራቸው ነው።

ይህን ሲነግሩን ማሳው ዳር ቆመን ነበር። እኔ አፌ አያርፍም፤ አያ ኢብሮ፣ የራሳችን ሀገር ጠብ ሞልቶ ተርፎ የለም ወይ፣ እሱን ሳይጨርሱ ወደ ባሕር ማዶ ምን ያሻግርዎታል አልኳቸው። ቆፍጠን ብለው መለሱልኝ። እዚህ ያሉትን ብጠራቸው «አንተ ማነህ?» ይሉኛል፤ የባሕር ማዶዎቹ ገና አላሉኝም አሉ።  ወደ ሽንኩርቴ ዞርኩ።

ኤፍሬም ካርታ በስልኩ አውጥቶ አሳያቸው። አንዱ ሀገር ከላይ፣ ሌላው ከታች ሆኖ ታየ። ከዚያች ሰዓት ጀምሮ ስማቸው ላይ ቤትና ታች ቤት ሆነ፤ ሀገሬው ሁሉ በዚሁ ጠራቸው። ቀጥሎ መጥሪያ መላክ ነበረባቸው። ኤፍሬም እየሳቀ ለሁለቱም ኤምባሲዎች በፌስቡክ ጻፈላቸው፤ የቆቦ ሽማግሌዎች ለእርቅ ይፈልጓችኋል፣ ቀኑ የመድኃኔዓለም ማግስት ነው ብሎ። ወዲያው መልስ መጣ። «መልእክትዎ ደርሶናል። ስለጻፉልን እናመሰግናለን» ይላል፤ ከላይ ቤትም ከታች ቤትም ያው ቃል በቃል። ኤፍሬም ማሽን ነው የመለሰው ቢላቸው አያ ኢብሮ ወይ ፍንክች። ሁለት ጠላት በአንድ ቃል ከመለሰ ልቡ ታርቋል፣ አፉ ነው የቀረው አሉ። እኔ እንኳ ለአፍታ አመንኳቸው።

በእኛ ሀገር ወግ የተጣላ ሰው በአካል ባይቀርብ ዋስ ይቆምለታል። ዋሱ የአያ ኢብሮን አለንጋ ጫፍ ይይዝና «ባለጉዳዬ ከቃሉ ቢወጣ እኔ በእሱ ቦታ ልቁም» ይላል። እንግዲህ ለላይ ቤትና ለታች ቤት ዋስ ተፈለገ። ጉድጓዳችን አጠገብ ካለው ግራር ሥር ሰው ተሰበሰበ፤ የመጣው ግማሹ ለሳቅ ነው። ቄሱም መጡ፣ ባረኩ፤ አያ ኢብሮም ፋቲሃ አነበቡ። ከዚያ የእኔው አያሌው ማንም ሳይጠራው ብድግ አለ። የላይ ቤት ዋስ እኔ ነኝ አለ። ምን አገናኘህ ቢሉት፣ በልጅነቱ በድርቁ ጊዜ የላይ ቤትን ስንዴ በልቷል፤ እናቱ ከጆንያው ቁምጣ ሰፍተውለት ባንዲራው መቀመጫው ላይ ነበር። ሰው በሳቅ ሞተ። በድረዲን ደግሞ ተነሳና ታች ቤትን እኔ እይዛለሁ አለ፤ የውሃ ሞተራችን የተሠራው እዚያ ነው፣ አንድ ቀን አላሳፈረኝም ብሎ። ሁለቱም አለንጋውን ያዙ። ከልጅነታቸው ጀምሮ አብረው ያደጉ ሰዎች ናቸው፤ እየተጎሻሸሙ ነበር የሚምሉት።

በሳምንቱ ነዳጅ መጣ። አያሌው ጀሪካኑን በባጃጅ ጭኖ እየዘፈነ ሲመጣ፣ ሁዳዴ ነው ዝም በል ብዬ ተቆጣሁት። ሽንኩርቱ ጫፉ ቢጫ እያለ ነበር፤ ሌላ ሁለት ሦስት ቀን ከቆየ አለቀለት። ነዳጁን ሞልቶ የሞተሩን ገመድ ሊስብ ጎንበስ ሲል አያ ኢብሮ ከአጥሩ ማዶ ጮኹ። ምን ልታደርግ ነው አሉት። ውሃ ላጠጣ ነዋ አለ። ከማን ጋር? ከበድረዲን ጋር ነዋ፣ እኩል እኩል።

አያ ኢብሮ አለንጋቸውን ይዘው መጡ። ፊታቸው ከሰል መስሏል። ወጉን እሳቸውም ያን ቀን ነው ያስታወሱት መሰለኝ። የባለደም ዋሶች ደሙ እስኪደርቅ፣ እርቅ እስኪወርድ፣ ከአንድ ውሃ አይቀዱም፣ ከአንድ እሳት አይጭሩም። ወጉ ነው። ቤተሰባቸውም እንደዚያው ነው። አያሌው ሳቀ፣ በድረዲንም ሳቀ፣ አያ ኢብሮ ግን አልሳቁም።

እኔ ተናደድኩ፤ ዝም ብዬ አልተናደድኩም፣ አፌ እንዳመጣልኝ ተናገርኳቸው። ለማያውቁን ፈረንጆች ብለው ሽንኩርታችንን ሊያደርቁት ነው ወይ፣ ይተዉት፣ ጨዋታ ነበር አልኳቸው። እሳቸውም ወደ ዳር ጠርተው ቀስ ብለው አስረዱኝ። ጎብዬ ላይ ሁለት ባለደም ቤተሰቦች አሉ። እነሱን እስካሁን ከመገዳደል የያዛቸው ይኸው ወግ ነው፤ ዋሶቻቸው ሩቅ ለሩቅ ውሃ እየቀዱ፣ ሴቶቻቸው በረጅሙ መንገድ እየዞሩ ጠብቀውታል። «ዛሬ ወጉን ለእናንተ ካላላሁት ነገ እነሱ፣ ለወዳጆችህ የላላው ለእኛ ለምን ጠበቀ ይሉኛል፣ ፍሬሕይወት» አሉኝ። «ደግሞ ይላሉ።» እውነታቸውን ነው፣ ይላሉ። ያናደደኝም እውነት መሆኑ ነው።

ከዚያ በኋላ የሆነውን ሳስበው እስካሁን ይገርመኛል። አያሌው ድሮ ዜና የሚባል ነገር አይሰማም ነበር። አሁን ዋስ ነኝ ብሎ ሬዲዮኑን ጆሮው ላይ ለጠፈ። ላይ ቤት አንድ ድልድይ መታ ሲባል በድረዲን እንዲሰማ ድምፁን ከፍ ያደርጋል። በማግስቱ ታች ቤት መርከብ አቃጠለ ተባለና በድረዲን ጠዋት ሲያልፍ ጉሮሮውን ጠረገ፤ ጉሮሮ መጥረግ ብቻ፣ አያሌው ግን ቀኑን ሙሉ አኮረፈ። አንድ ቀን በድረዲን በአጥሩ ላይ ሆኖ ትናንት ሆስፒታል መታችሁብን አለው። አያሌው፣ እኛ አልጀመርንም አለ። እኛ! ያ የጆንያ ቁምጣ ለባሽ! አንተ ሰውዬ፣ አንተ የቆቦ ሰው ነህ፣ መርከብ እንኳ አይተህ አታውቅም አልኩት፤ አልሰማኝም።

ሰላምታው ቀረ፤ ቀጥሎ የንብረቱ ክፍፍል መጣ። በድረዲን ሞተሩ የታች ቤት ነው ብሎ ፈቶ ወደ ግቢው ወሰደው። አያሌው ደግሞ ውሃ መሳቢያው ጎማ ከላይ ቤት እርዳታ የመጣ ነው ብሎ ጠቅልሎ አልጋችን ሥር ከተተው። ሞተር ያለ ጎማ፣ ጎማ ያለ ሞተር። ነዳጁ የማን እንደሆነ አልተስማሙምና ጀሪካኑ ጉድጓዱ ዳር ፀሐይ ሲመታው ዋለ። ሽንኩርቱ መሃል ሜዳ ላይ ቀስ እያለ ይሞታል። ይህ ሽንኩርት የዓመት ጉሮሯችን ነው፣ የእኛም የእነ በድረዲንም፤ ሌላ ምንም የለንም።

እኔና ሰልዋ፣ የበድረዲን ሚስት፣ እንደ ሌባ መተያየት ጀመርን። ሰልዋ ውሃ ከመስጊዱ ቦኖ በጀሪካን ትቀዳለች፣ እኔ ከቤተክርስቲያኑ፤ የተለያየ ውሃ ነውና ወጉ አይከለክልም። ተሸክመን መጥተን በጣሳ በጣሳ ሽንኩርት እናጠጣለን። አንድ ቀን እሷ ጾም አድክሟት ተቀምጣ አየኋትና እንደተደናቀፈ ሰው ሆኜ ግማሽ ጀሪካኔን የእነሱ መደብ ላይ ደፋሁት። በማግስቱ እሷ የእኛ ላይ ተደናቀፈች። እንዲህ ስንደናቀፍ ሰነበትን። ግን በጣሳ ስንቱ ይዳረሳል? ሽንኩርቱ እኩሌታው ተኛ። ሰልዋ አንድ ማለዳ የወደቀውን ቅጠል ይዛ ስታለቅስ እኔም አለቀስኩ፤ ለሽንኩርቱ ብቻ አልነበረም፣ ባሎቻችን እርስ በርስ ሲተላለፉ ፊታቸውን ማዞር ጀምረው ነበር።

አያ ኢብሮም እየከሱ ሄዱ። ሽምግልና ሳይፈቱ እህል በደንብ አይወርድላቸውም፤ ረመዳን ደግሞ ተጨመረበት። በየቀኑ ኤፍሬምን መጡ ወይ ይሉታል። ኤፍሬም መሳቁን ትቶ ነበር። ቀጠሮው ሲደርስ ከኤምባሲዎቹ አንዱም አልመጣም፤ ይመጣል ያለ ካለ አያ ኢብሮ ብቻ ናቸው፣ አስፋልቱ ዳር ቆመው ከደሴ የሚመጣውን ሚኒባስ ሁሉ እያዩ ዋሉ።

እርቁ ወደ ማምሻው ላይ እንዲሆን ተደረገ፤ ያኔ እስላሙ ያፈጥራል፣ ክርስቲያኑም የጾም ምግብ ይቀምሳል፣ ከአንድ ማዕድ ይበላል ተብሎ። የእርቅ ሥጋ የሚባለው ቀርቶ ተምርና ሽንብራ ንፍሮ ቀረበ። ግራሩ ሥር በደለኛ የሚሸከመው ድንጋይም ተቀመጠ። ያን ቀን የመጣው ሰው ለሳቅ አልነበረም። ከጎብዬም መጥተው ዳር ላይ የቆሙ ነበሩ፤ ማን እንደሆኑ ማንም አልጠየቀም፣ ሁሉም አውቋል።

አያ ኢብሮ ተነሱ። ባለጉዳዮቹ አልቀረቡም አሉ። ባለጉዳይ ሲቀር ዋስ በእሱ ቦታ ይቆማል፣ ይምራል፣ ይማራል፤ በዚህም ደሙ ደርቋል ይባላል፤ ውሃውም ይፈታል። ሰው ሁሉ ተነፈሰ። እኔማ ሞተሩን ማን እንደሚያመጣው አስቤ ጨርሻለሁ። «አያሌው» አሉ፣ «በላይ ቤት ስም፣ ለፈሰሰው ደም ምሬያለሁ በል።»

በል እንጂ በል እያልኩ አያሌውን በዓይኔ ለመንኩት። ሦስት ቃል ናት፣ ሽንኩርታችን ይድናል።

«አልልም» አለ።

እልህ መሰለኝ። እሱ ግን አንገቱን ደፍቶ ይናገራል። በኤፍሬም ስልክ ላይ አንዲት ሴትዮ አይቷል፤ የፈረሰ ቤት በእጇ እየቆፈረች አንድ እግር ጫማ አገኘች፣ የልጅ ጫማ ነው፣ አቅፋው ተቀመጠች። ከላይ ቤት ትሁን ከታች ቤት አላወቀም፤ ሰው ነች። ያቺ ሴትዮ ሳትምር እኔ ማን ነኝና እምራለሁ አለ። በውሸት ካልኩት ደግሞ ከጦርነቱ ይብሳል አለ።

ሁላችንም በድረዲንን አየነው፤ አሁን ይፎክራል፣ ይኸው ላይ ቤት እምቢ አለ ይላል ብለን። በድረዲን የያዘውን የአለንጋ ጫፍ መሬት ላይ አኖረ።

«እኔም አልልም» አለ። «የሞተውን አላውቀውም። እናቱን ማን ጠየቃት?»

እናቱን ማን ጠየቃት ሲል ድምፁ ከፍ ያለ አልነበረም። አያ ኢብሮ ግን የተመቱ ያህል ወደ ኋላ አሉ። ምን አልክ አሉት። በድረዲን ደገመላቸው፤ ያለውን ያወቀ አይመስለኝም፣ ስለ ታች ቤት ነበር የሚያወራው። አያ ኢብሮ ወደ ግቢያቸው ዞሩ። ከእትዬ ሰይዳ ማድቤት የማፍጠሪያው ሾርባ ጭስ ይወጣ ነበር።

«ዋስትናው ፈርሷል» አሉ ወደ እኛ ተመልሰው። «ሳይጠየቅ የተማረ ደም አልተማረም። የማያፍር ሰው ደግሞ ዋስ የለውም። ጥፋቱ የእኔ ነው። ሞተሩን አምጡት፣ ሽንኩርቱን አጠጡ።» ከዚያ ወደ ጎብዬ ሰዎች ዞረው፣ እናንተን ግን ከወጉ አልለቀቅኩም፣ ያላችሁበት ቁሙ፣ እናቶቻችሁን ይዛችሁ ትመጣላችሁ አሏቸው።

ከዚያ ጎንበስ ብለው ለበደለኛ የተቀመጠውን ድንጋይ አነሱ። አያሌውና በድረዲን ሊቀበሏቸው ዘለሉ፤ የእናንተ አይደለም ብለው ገፏቸው። አንገታቸው ላይ አኖሩት። ሽማግሌ ሰው ናቸው፣ ቀኑን ሙሉ ጾመዋል። በማሳው መሃል ወደ ቤታቸው ሄዱ። መከተል ነውር ነው፤ እኔና ሰልዋ ግን ተከተልን፣ የሰው ነገር ሳላይ ማደር አልችልም፣ ይህን ማንም ያውቃል።

አዛን ተብሏል። እትዬ ሰይዳ በራቸው ላይ ምንጣፍ አንጥፈው፣ ተምርና ውሃ ፊታቸው አድርገው ተቀምጠዋል። የአያ ኢብሮ ሳህን እንደወትሮው ለብቻው ወዲያ ተቀምጧል። አያ ኢብሮ ምንጣፉ ጫፍ ላይ ቆሙ።

«ሰይዳ» አሉ። «ያን ቀን ቤቴም ምሯል ያልኩት ውሸቴን ነው። አንቺን አልጠየቅኩም።»

እትዬ ሰይዳ ቀና ብለው አላዩአቸውም። አንድ ተምር አነሱ፣ ቢስሚላህ ብለው በሉ፣ ፍሬውን በእጃቸው ይዘው ውሃ ጠጡ። ቀስ ብለው ነው የጠጡት። አያ ኢብሮ ድንጋዩን እንደተሸከሙ ናቸው፤ ላባቸው ጢማቸው ላይ ይወርዳል። ሰልዋ ክንዴን ጨመቀችኝ።

«ስሙን ጥራው» አሉ እትዬ ሰይዳ።

አያ ኢብሮ ከንፈራቸው ተንቀሳቀሰ። «መህዲ።»

«እንዲያ አይደለም። ከብት ይዞ ሲቆይብህ እንደምትጠራው።»

አያ ኢብሮ ፊታቸውን ወደ ማሳው መለሱ። ድንጋዩ እንዳይወድቅ በሁለት እጃቸው ያዙ። «መህዲ!» አሉ። ድምፃቸው ሜዳውን አልፎ ሄደ። ጉድጓዱ ዳር ጎማውን ሞተሩ ላይ ሊያስሩ ጎንበስ ብለው የነበሩት አያሌውና በድረዲን ቀና አሉ፤ አንድ ላይ ያደጉ ናቸው፣ መህዲም ሦስተኛቸው ነበር። ሁለቱም ባሉበት ቆሙ። ወዲያው በድረዲን ዓይኑን ጠርጎ ገመዱን ሳበው፣ ሞተሩ ተነሳ።

እትዬ ሰይዳ የሞተሩን ድምፅ ትንሽ አዳመጡ። ከዚያ ወዲያ የተቀመጠውን የባላቸውን ሳህን አንስተው ተምሩን ወደ ራሳቸው ሳህን ገለበጡት፣ ምንጣፉ ላይ ፈቀቅ ብለው ቦታ ለቀቁ።

«ድንጋዩን እበሩ ላይ አኑረው» አሉ። «ገና አልማርኩም። ግን ተቀመጥ፣ ብላ።»